ተዋናዩ ወጋየሁ ንጋቱ

ተዋናይ ማለት የራሱ ያልሆነውን ኑሮ በሰው ፊት የሚኖር ሰው ነው። ልጁ ታሞበት ቤት ትቶት ይመጣና መድረክ ላይ ወጥቶ ይስቃል። ኪሱ ባዶ ሆኖ ሳለ ባለጸጋ መስሎ ይንጎራደዳል። ሰው ቀና ብሎ የማያይ ዓይነ አፋር ሰው፣ ጨዋታው ሲጀመር፣ አገር የሚያንቀጠቅጥ ጦረኛ ይሆናል። ለመጫወቻ የሚጻፈው ጽሑፍ «ተውኔት» ይባላል። የሚጫወቱበት ከፍ ያለ ስፍራ «መድረክ» ነው። ጨዋታው በሞላው ደግሞ «ቴአትር» ይባላል።

ስሙ አዲስ ይሁን እንጂ ነገሩ ለእኛ እንግዳ አይደለም። ለቅሶ የደረሰ ሰው ሁሉ ያውቀዋል። አልቃሿ ሟቹን ሆና ለሚስቱና ለልጆቹ አደራ ስትሰጥ፣ ሟቹን በዓይኑ ያላየ መንገደኛ ሳይቀር እንባው ይመጣል። ሠርግ ቤት አዝማሪው መሰንቆውን ይዞ አንዴ ሙሽራውን፣ አንዴ አማቱን ይሆናል። እረኞች እንኳ ከብቱ ውኃ ጠጥቶ እስኪመለስ አንዱ ዳኛ፣ አንዱ ከሳሽ፣ አንዱ ተከሳሽ ሆነው ይሟገታሉ።

ልዩነቱ ይህ ነው። አልቃሿና አዝማሪው ቃሉን ከራሳቸው ያፈልቁታል፤ አለዚያም ተሰብሳቢው «ተቀበል» ብሎ ይሰጣቸዋል። ተዋናይ ግን ሌላ ሰው የጻፈውን ቃል ሳይጨምር ሳይቀንስ ይናገራል። ይህንንም የሚያደርገው ቃሉ አሁን ከልቡ የወጣ እስኪመስል ድረስ ነው። ቀላል ይመስላችኋል? እስቲ ከዘመድ የመጣ ደብዳቤ አንሡና ለጎረቤት ጮክ ብላችሁ አንብቡ። ደብዳቤው የጻፈውን ሰው ድምፅ እንዲይዝ ሞክሩ። መጀመሪያ ፊደሉን መልቀም አለ፤ ቀጥሎ ቃሉን መግጠም አለ፤ ከዚያ ወዲያ ደግሞ የሰውየውን ሐሳብ ማግኘት አለ። ሦስቱን ባንድ ትንፋሽ የሚያደርግ ሰው ብዙ የለፋ ሰው ነው።

በብዙ አገር የተዋናይ ስም የሚገንነው በሲኒማ ነው። ሲኒማ ማለት የሚንቀሳቀስ ሥዕል ነው። ሉሚየር የሚባሉ ሁለት ፈረንሳውያን ወንድማማቾች ፓሪስ ከተማ ውስጥ በገንዘብ ለሕዝብ ያሳዩት በ1888 ዓ.ም. ታኅሣሥ ወር ነው። እኛ ወደ ዐድዋ በዘመትንበት ዓመት መሆኑ ነው። ብዙም ሳይቆይ ወደ አዲስ አበባ መጣ። በሥፍራው የሌለ ሰው ግድግዳ ላይ ሲራመድ ያዩ ሰዎች ታዲያ ቤቱን «የሰይጣን ቤት» አሉት። ምን ይደረግ! ያላወቁትን መፍራት የሰው ጠባይ ነው።

ፈረንሳይ አገር ዣን ጋቤን የሚባል የታወቀ የሲኒማ ተዋናይ ነበር። አንድ ጊዜ የባቡር ነጂ፣ ሌላ ጊዜ በጠላት እጅ የወደቀ ወታደር ሆኖ ተጫውቷል። ሰውየው በ1976 እ.ኤ.አ. ሲሞት ፊቱን የማያውቅ ፈረንሳዊ አልነበረም ቢባል ማጋነን አይሆንም። ሲኒማ ፊትን ከአገር አገር ይዞ ይዞራልና።

ወደ ጎጃም ደጋ ስንመጣ ግን ነገሩ ሌላ ነው። ሲኒማ መብራት ይፈልጋል፤ አዳራሽ ይፈልጋል፤ የመግቢያ ገንዘብ ይፈልጋል። ገበሬው ከነዚህ አንዱም አልነበረውም። የነበረው፣ ያውም ከስንት ቤት አንዱ፣ በባትሪ ድንጋይ የሚሠራ ራዲዮ ነው። ስለዚህ በዚህ አገር ባላገር ዘንድ እጅግ የታወቀው ተዋናይ ፊቱ የታየ ሰው ሳይሆን ድምፁ የተሰማ ሰው ነው። ይህም ሰው ወጋየሁ ንጋቱ ነው።

ወጋየሁ የተነሣበት ዘመን ለቴአትር ሰዎች የማለዳ ጊዜ ነበር። በአዲስ አበባ የሀገር ፍቅር ቴአትር ቀድሞ የተቋቋመ ሲሆን፣ ዛሬ ብሔራዊ ቴአትር የምንለው ትልቁ አዳራሽ ደግሞ በ1948 ዓ.ም. ተከፍቷል። ዛሬ አዲስ አበባ ዩኒቨርሲቲ በሚባለው ትምህርት ቤት ውስጥም በ1950ዎቹ የኪነ ጥበብ ማዕከል ተቋቁሞ ወጣቶች ተውኔት መጻፍና መጫወት ጀመሩ። ጸጋዬ ገብረ መድኅን ተውኔት ይጽፍ፣ የውጭውንም ወደ አማርኛ ይመልስ ነበር። ተስፋዬ ገሠሠ አሜሪካ ተምሮ መጥቶ ያዘጋጅ ነበር። ወጋየሁ ከነዚህ ሰዎች ጋር የሚቆጠር ነው። እርሱና ደበበ እሸቱ የቴአትር ትምህርት የተማሩት በምሥራቅ አውሮፓ፣ ሀንጋሪ በምትባለው አገር ነው።

አሁን «ሰው መምሰልን ለመማር ባሕር ማዶ ይኬዳል ወይ?» የሚል አይጠፋም። የሚጠይቀውን ሰው አልፈርድበትም። በአገራችን ዘፋኝንና ጨዋታ አዋቂን ደስታ ሲሆን መጥራት፣ ደስታው ሲያልፍ መናቅ የቆየ ነው። «አዝማሪ» የሚለው ቃል ራሱ እንደ ስድብ ይነገር ነበር። መሰንቆ የሚመታው ሰው ሠርጉን አድምቆ ሲያበቃ ልጅህን ለልጄ ቢል ማን ይሰማዋል? ሸማኔውና ቀጥቃጩም ከዚህ ንቀት አልዳኑም። ፊደል ቆጥሮ፣ ዩኒቨርሲቲ ደጅ ደርሶ፣ ከዚያ ወዲያ «ተዋናይ እሆናለሁ» ያለ ልጅ በዚያ ዘመን ወላጆቹ ፊት ምን ዓይነት ነገር እንደሚጠብቀው መገመት ይቻላል። ሹመት አያስገኝ፣ ርስት አያስገኝ።

ትምህርቱ ግን እውነተኛ ትምህርት ነው። ከሁሉ አስቀድሞ መተንፈስን ያስተምራል። ከጉሮሮው የሚጮህ ሰው ቶሎ ይሰለላል፤ ከሆዱ ተንፍሶ የሚናገር ሰው ሳይጮህ አዳራሽ ይሞላል። ማኅሌት ቆመው የሚያድሩ መሪጌቶች ይህን ያለ ቴአትር ቤት ያውቁታል። ተዋናዩ ቀጥሎ ቃልን ጥርት አድርጎ ማውጣት፣ ከዚያም ዝም ማለትን ይማራል። አዎን፣ ዝም ማለት! በሽምግልና ላይ ብልህ ሽማግሌ ከመናገሩ በፊት ጥቂት ዝም ሲል ሰው ሁሉ ጆሮውን እንደሚያቀና፣ ተዋናይም ዝምታን በቦታው ያውቅበታል።

አሁን ወደ ዋናው ነገር እንግባ። ወጋየሁ በመድረክ ብዙ ሠርቷል። በመላው አገር ያስታወቀው ሥራው ግን በራዲዮ ያነበበው አንድ መጽሐፍ ነው። መጽሐፉ «ፍቅር እስከ መቃብር» ይባላል። የጻፉት ክቡር ዶክተር ሐዲስ ዓለማየሁ ናቸው። ሐዲስ የተወለዱት በ1902 ዓ.ም. ከደብረ ማርቆስ አጠገብ፣ እንዶዳም ኪዳነ ምሕረት በሚባለው ስፍራ ነው። የቤተ ክህነት ትምህርት በጎጃም ተማሩ። ጣሊያን በወረረን ጊዜ ከራስ እምሩ ጋር ዘምተው ተማረኩና ኢጣሊያ አገር ተወስደው ታሠሩ። ከነጻነት በኋላ አምባሳደርም ሚኒስትርም ሆኑ። መጽሐፉ የታተመው በ1958 ዓ.ም. ነው፤ ውፍረቱም ከ500 ገጽ ያልፋል።

ታሪኩ የእኛው አገር ታሪክ ነው። ማንኩሳ ላይ ቦጋለ መብራቱና ውድነሽ በጣሙ ከሚባሉ ሰዎች በዛብህ የሚባል ልጅ ይወለዳል። ልጁ ቤተ ክህነት ገብቶ ቅኔ ይማራል። ኋላም በቢቸና በኩል፣ ዲማ ጊዮርጊስ፣ ፊታውራሪ መሸሻ ከሚባሉ ትልቅ ባላባት ቤት ይገባል። የገባውም ልጃቸውን ሰብለ ወንጌልን ንባብና ጽሕፈት እንዲያስተምር ነው። እንግዲህ አስቡት፤ ያ ሁሉ ፍቅርና ያ ሁሉ መከራ የሚነሣው ከፊደል ትምህርት ነው። የድሃ ልጅና የባላባት ልጅ ባንድ ወረቀት ላይ ጎንበስ ብለው አብረው ሲያነቡ ያልታሰበው መጣ። ከዚያ ወዲያ የሆነውን አልነግራችሁም፤ መጽሐፉን ራሳችሁ ድረሱበት።

በመጽሐፉ ውስጥ ሌላም ነገር አለ። ፊታውራሪ መሸሻ በጭሰኞቻቸው ላይ የሚጥሉት ግዴታ ሲበዛ ገበሬዎቹ «አይሆንም» ይላሉ። መሪያቸው አበጀ በለው ይባላል። ጉዱ ካሣ የሚባል ደግሞ አለ፤ የፊታውራሪ ዘመድ ሆኖ ሳለ ግፉን የሚያይ፣ አይቶም ዝም የማይል ሰው ነው፤ በዚህም ምክንያት እንደ እብድ ይቆጠራል። መጽሐፉ ከታተመ ሁለት ዓመት በኋላ፣ በ1960 ዓ.ም.፣ የጎጃም ገበሬ በአዲሱ የእርሻ ገቢ ግብር ምክንያት ሸፈተ። በቢቸናና በሞጣ አውራጃዎች ነገሩ በርትቶ ነበር። አመፁን መጽሐፉ አመጣው ማለቴ አይደለም። ያን ጊዜ መጽሐፉን ማንበብ የሚችል ገበሬ ስንት ነበርና! ደራሲው ግን የአገራቸውን ሰው ሆድ ያውቁ ነበር ማለት ነው።

የገበሬውን ነገር የያዘ መጽሐፍ በገበሬው እጅ አልገባም። አንደኛ ገንዘብ፣ ሁለተኛ መንገድ፣ ሦስተኛ ፊደል ከለከለው። ወጋየሁ ንጋቱ በዚህ መካከል ነው የሚመጣው። በደርግ ዘመን የኢትዮጵያ ራዲዮ መጻሕፍትን በተከታታይ የሚያስተርክበት ፕሮግራም ነበረው። ወጋየሁ «ፍቅር እስከ መቃብር»ን በዚያ ፕሮግራም አነበበው። ራዲዮ ያለው ሰው ቤት ጎረቤት ይሰበሰብ ጀመር። ፊደል ያልቆጠረ ሰው ከዚያን ቀን ወዲያ ጉዱ ካሣን እንደ ጎረቤቱ አወቀው። «እንደ ጉዱ ካሣ» የሚል አነጋገር መጽሐፉን ባላዩ ሰዎች አፍ ሳይቀር ገባ።

እንዲህ ያለውን ንባብ ከሌላ የተዋናይ ሥራ ሁሉ ከባድ የሚያደርገው ብቸኝነቱ ነው። መድረክ ላይ ተዋናይ ልብስ አለው፤ ጎራዴ አለው፤ አብሮት የሚጫወት ሰው አለው፤ ሲሳሳት የሚደግፈው፣ ሲሳካለት የሚያጨበጭብለት አለ። በራዲዮ ክፍል ውስጥ አንዱም የለም። ክፍሉ ከውጭ ድምፅ እንዳይገባበት ተብሎ የተዘጋጋ ነው። ከፊቱ ድምፅ የሚቀበል መሣሪያ አለ፤ ከመስተዋት ማዶ መቅረጫውን የሚጠብቅ ሠራተኛ አለ። ቢያስነጥሰው ይሰማል። ገጽ ሲገልጥ ወረቀቱ ቢንኮሻኮሽ ይሰማል። ባንድ ገጽ ላይ የሚቆጡ ሽማግሌ፣ የምታፍር ልጃገረድ፣ የሚጠራጠር ደብተራ፣ የሚያጉረመርም ጭሰኛ ይመጣሉ። ሁሉም በዚያ ባንድ ጉሮሮ በኩል ማለፍ አለባቸው።

ወጋየሁ ይህን ሲያደርግ አያጋንንም፤ እኔ የምወድለትም ይህንን ነው። ሴት ስትናገር ድምፁን አቅጥኖ ሰው ለማሳቅ አይሞክርም። ፍጥነቱን ይለውጣል፤ ትንፋሹን ይለውጣል። ፊታውራሪው ሲፎክሩ ንባቡ ደረቱን ይነፋል፤ ሰብለ ስታስብ ደግሞ እንደ ምሽት ነፋስ ለስለስ ይላል። ሰሚው «አሁን የሚናገረው እገሌ ነው» ብሎ ሳይነገረው ያውቃል። ደካማ አንባቢ ግን ሁሉንም ይጮኻል፤ ከሁሉ የሚከፋውም ይኸው ነው።

እናንተ አሁን ማንበብ ስለ ጀመራችሁ ከዚህ ሥራ አንድ ነገር ልብ ልትሉ ትችላላችሁ። የአማርኛ ፊደል ሁሉን ነገር አያሳይም። «አለ» የሚለውን ቃል ተመልከቱ። ለውን አላልታችሁ ብታነቡት «ተናገረ» ማለት ነው። አጥብቃችሁ ብታነቡት «ይገኛል» ማለት ይሆናል። «ገና» ሲላላ «ጊዜው አልደረሰም» ነው፤ ሲጠብቅ የልደት በዓል ነው። «ሰውየው ይመታል» የሚል ጽሑፍ ቢሰጣችሁስ? ሰውየው መቺ ነው ወይስ ተመቺ? በማጥበቅና በማላላት ብቻ ዱላው ከአንዱ እጅ ወጥቶ ጀርባው ላይ ያርፋል። ከሳሽና ተከሳሽ የሚለዩት በድምፅ ነው፤ ወረቀቱ ላይ ግን ፊደሉ ያው ነው።

ሐዲስ ዓለማየሁ ይህ ችግር ሲያስጨንቃቸው የኖረ ሰው ናቸው። የአማርኛ አጻጻፍ ይሻሻል ከሚሉት ወገን ነበሩ። ስለዚህ «ፍቅር እስከ መቃብር» ውስጥ ጠብቆ በሚነበበው ፊደል ራስ ላይ ነጥብ አደረጉበት። አንባቢው እንዳይሳሳት አስበው ነው። ልማዱ በሌሎች ጸሐፊዎች ዘንድ ብዙ አልተስፋፋም። በእኔ አስተያየት የሚያሳዝን ነው፤ ለአዲስ አንባቢ ያቺ ነጥብ እንደ ምርኩዝ ናት።

ታዲያ ወጋየሁ የሠራውም የዚያችኑ ነጥብ ሥራ ነው። ደራሲው በነጥብ «እዚህ ላይ ጠበቅ አድርግ» አሉ፤ ተዋናዩ በድምፁ አጠበቀው። ነገር ግን የእርሱ ድምፅ ከነጥቡ አልፎ ይሄዳል። የትኛው ቃል በንዴት፣ የትኛው በልመና፣ የትኛው በሹፈት እንደሚነገር የሚያሳይ ነጥብ የለም። ነጠላ ሰረዝ ጥቂት አረፍ በል ይላል፤ አራት ነጥብ ሐሳቡ አበቃ ይላል፤ ከዚህ በላይ አይናገርም። የቀረውን አንባቢው ከኑሮ ነው የሚያመጣው። ባላባት ፊት ቆሞ ተቆጥቶ ዝም ያለ ሰው የአበጀ በለውን ንግግር እንዴት እንደሚነበብ ከማንም ይበልጥ ያውቃል።

በዚህ ላይ አንድ ክርክር አለ። አንዳንዶች «ወጋየሁን የሰማ ሰው መጽሐፉን ማንበብ አያስፈልገውም፤ ደግሞም ከእርሱ የተሻለ የሚያነብ የለም» ይላሉ። የመጀመሪያው አያስማማኝም። ትረካ እንደ ወንዝ ነው፤ ይዞህ ይሄዳል እንጂ አይጠብቅህም። ያልገባህን ቃል «ቆይ ድገመው» ብትለው አይሰማህም። መጽሐፍ ግን ይጠብቃል። አንዱን ገጽ ሦስት ጊዜ ብታነበው አይቆጣም። ጉዱ ካሣ ከሚናገረው ውስጥ በመጀመሪያ ሲሰሙት እንደ ቀልድ የሚያልፍ፣ ሲመለሱበት ግን አጥንት ድረስ የሚገባ ነገር አለ። ሁለተኛው ነገር፣ የተሻለ የሚያነብ የለም የሚለው፣ ስለ ድምፁ ከሆነ እስማማለሁ። ቢሆንም ማንኩሳና ዲማ ያሉ ሰዎች ታሪኩን በራሳቸው አነጋገር ቢያነቡት፣ ከትረካው የማይገኝ አንድ ጣዕም እንደሚወጣው አልጠራጠርም። የአገሩ ቃል በአገሩ አፍ ሲነገር ሌላ ነው።

ወጋየሁ ንጋቱ በ1980ዎቹ መጀመሪያ ላይ ገና ሥራ ሊሠራ በሚችልበት ዕድሜ ዐረፈ። ሐዲስ ዓለማየሁ ረጅም ዕድሜ ኖረው በ1996 ዓ.ም. ዐረፉ። በደብረ ማርቆስ ዩኒቨርሲቲ በስማቸው የተሰየመ የባህል ጥናት ተቋም አለ። የወጋየሁ ትረካም አልጠፋም። በመጀመሪያ በራዲዮ ክር ላይ ነበር፤ ቀጥሎ ሰው በካሴት ይዋዋሰው ጀመር፤ ዛሬ ደግሞ በእጅ ስልክ ይገኛል። ድምፁን የሚሰሙት ወጣቶች አብዛኛዎቹ እርሱ ሲያርፍ ያልተወለዱ ናቸው።

መጽሐፉን ከትምህርት ቤት ወይም ከወረዳው ቤተ መጻሕፍት መዋስ የቻለ ሰው ከጎረቤቱ ጋር እንዲህ ሊያደርግ ይችላል። ማታ ቡና ተጠጥቶ ሲያበቃ አንድ ሰው አንዲት ገጽ ጮክ ብሎ ያንብብ። ቀስ ብሎ ያንብብ፤ ፊደል የሚያስቸግረው ቦታ ላይ ቢቆም ማንም አያስቸኩለው። ቀጥሎ ስልክ ያለው ልጅ ያንኑ ገጽ በወጋየሁ ድምፅ ያሰማ። ከዚያ ደግሞ ሌላ ሰው፣ ቢቻል ሴት፣ የሰብለ ወንጌልን ንግግር መልሳ ታንብብ። ወጋየሁ የተወውን ዝምታ እርሷ ሌላ ቦታ ላይ ልታደርገው ትችላለች።